ከዚያች ልጅ ጋር የገና ዘፈን

ሴፕቴምበር 3

ሙቀት። ጥርስ ሐኪም ጋ ደርሼ መጣሁ። ጎረቤቶቼ የኮከብ ፋኖሳቸውን ዛሬውኑ በር ላይ ሰቅለዋል፤ በዓሉ ሊደርስ ገና አራት ወር ገደማ ሲቀረው! ማኒላ እብድ ከተማ ናት። እኔም ከእብዶቹ አንዷ... ሬዲዮ ላይ የራሴን የገና ዘፈን ሰምቼ ድምፁን ከፍ አደረግኩት።

ከሰዓት ሪኮ ደወለ፤ የቴሌቪዥን ጣቢያው የበዓል ዝግጅት ኃላፊ።

"እትዬ ፔርላ፣ ዘንድሮ ለገና ሁለት ሆነው ቢዘፍኑስ ብለን ነበር።"

"ከማን ጋር?"

አስቀድሞ ይቅርታ ጠየቀኝ። ይቅርታ ሲል ገባኝ።

"ከዲዲት ጋር።"

ጆሮው ላይ ዘጋሁበት።

ሴፕቴምበር 4

ዲዲት ማካሊንታል። ሠላሳ አንድ ዓመቷ። የታወቀችው በእኔ ነው። በቀልድ ፕሮግራም ላይ ሆዷ ላይ ትራስ አስራ፣ እንደ ተሰበረው እግሬ እግሯን እየጎተተች፣ አገጯን እያንቀጠቀጠች እኔን ስትሆን አገር ሳቀ። ታክሲ ስገባ ሹፌሩ በመስታወት እያየኝ ከንፈሩን ነከሰ። አዝኖልኝ መስሎኝ... ሳቁን ሊይዝ ኖሯል። ከዚያ የራሷን ዘፈን አወጣች፤ ሰዉ ወደዳት።

ከእሷ ጋር? በገና?

ሴፕቴምበር 6

ሪኮ ኬክ ይዞ ራሱ መጣ። አልተቀመጠም። ያኔ ነው ነገሩ የምር መሆኑ የገባኝ።

"ያለ እሷ የእርስዎን የገና ሰዓት ማቆየት አልችልም። ወጣቱ አያየውም፣ እትዬ። ይቅርታ ያድርጉልኝ።"

ሃያ አንድ ዓመት ሙሉ የእኔ ሰዓት ነበር። ባሌ ኔስቶር ሲሞት እንኳ በአሥረኛው ቀን ቆሜ ዘፍኛለሁ።

"እሺ። ግን ዘፈኑን እኔ እመርጣለሁ።"

እጄን ሳመኝ። ሞኝ።

ሴፕቴምበር 8

የመረጥኩት ኔስቶር የደረሰልኝን ነው፤ መርከበኛው ለገና አገሩ የሚገባበትን። ቲኖን ጠራሁት። ሠላሳ ዓመት ፒያኖ የመታልኝ ቲኖ።

"ዜማውን አንድ እርከን ከፍ አድርገው።"

"ያቺ ልጅ እዚያ አትደርስም።"

"እኔስ?"

"አንቺማ ትደርሻለሽ..."

"በቃ እንግዲህ።"

መነጽሩን ጠረገ። ጠርጎ ሲጨርስ ዜማውን ከፍ አደረገው።

ሴፕቴምበር 20

የመጀመሪያው ልምምድ። ዲዲት ቀድማኝ ደርሳ ቆማ ጠበቀችኝ። ሳህን ይዛለች፤ የሩዝ ገንፎ በዝንጅብል።

"እናቴ ናት የላከችልዎ፣ እትዬ። ለጉሮሮ ጥሩ ነው።"

ተቀበልኳትና እሷው ፊት ለጥበቃው ሰጠሁት። "ብላ፣ እኔ እንግዳ ሰው የነካውን አልበላም።"

የዘፈኑ መጨረሻ ላይ፣ መርከበኛው በሩን ሲያንኳኳ፣ ድምፅ ወደ ላይ ይወጣል። እዚያ ስትደርስ ድምፅዋ እንደ አሮጌ ጨርቅ ተተረተረ።

"ውሃ ጠጪ፣ የኔ ልጅ፣" አልኳት። ማር በሆነ አንደበት።

"ይቅርታ እትዬ፣ ዛሬ ጉሮሮዬን ነው..."

"የሰው አገጭ ማንቀጥቀጥ ይቀላል፣ አይደል?"

ሙዚቀኞቹ ሳቁ። ጆሮዋ ቀላ። እንደ ዛሬ ምሳ ጣፍጦኝ አያውቅም።

ሴፕቴምበር 27

ዛሬም እዚያ ከፍታ ላይ አልደረሰችም። ሁለት ጊዜ ሞከረች።

ኦክቶበር 5

ቲኖ ቤት መጣ። ኮፍያውን እያዞረ ቆየ።

"ልጅቷ ታማለች። የድምፅ አውታሯ ላይ እባጭ አለ። ሐኪሙ ሁለት ወር አፍሽን እንዳትከፍቺ ብሏታል።"

"ማን ነገረህ?"

"እናቷ። ልምምድ ቦታ በር ላይ ጠብቃኝ አለቀሰች። ልጅቷ ለማንም አልተናገረችም፤ ይቀይሩኛል ብላ ፈርታለች። ለሪኮ እንንገረው፣ ፔርላ። ቢያንስ ዜማውን እናውርደው።"

"አንድም ቃል እንዳትተነፍስ።"

"ፔርላ..."

"ሕፃን አይደለችም። አፏን የምትከፍተው ራሷ ናት።"

እሱ እንደ ወጣ ለሪኮ ደወልኩ። ልምምድ ያንሰናል፣ በሳምንት ሦስት ቀን ይሁን፣ በሙሉ ድምፅ ይሁን አልኩት። "ይሄ ነው ትጋት!" አለኝ።

ለምን እንዲህ አደረግኩ? ... ሆ። አላውቅም ብዬ ለራሴ ልዋሽ?

ኦክቶበር 18

ከልምምድ በኋላ ዲዲት መልበሻ ክፍሌ ገባች። ቀስ ብላ በሩን ዘጋች። ድምፅዋ ሹክሹክታ ሆኗል።

"እትዬ፣ ያስታውሱኛል?"

"ከየት?"

"ባታንጋስ ከተማ። የአማተሮች ውድድር። ዳኛ ነበሩ። አሥራ አንድ ዓመቴ ነበር።"

በዚያ ውድድር ዳኛው ደስ ካላለው ደወል ይመታል፤ ዘፋኙም ይወርዳል። ስንቱ ላይ መትቻለሁ! ማን ይቆጥራል?

"ሁለተኛው መስመር ላይ መቱብኝ። ከዚያ በማይክራፎኑ 'ይቺን ልጅ ያመጣት ማነው? ይውሰዳት' አሉ። አባቴ ሕዝቡ መሃል ነበር። አልተነሳም። አላውቃትም ብሎ ቁጭ አለ። ብቻዬን ነው በአውቶቡስ ቤት የገባሁት።"

አላስታወስኳትም። ዋሸሁ።

"አስታወስኩሽ እኮ! ቢጫ ቀሚስ ለብሰሽ ነበር።"

"ሰማያዊ።"

ፈገግ አለች። ፈገግታዋ ነው የባሰው።

"አንድ ነገር ልንገርዎ? እርስዎን መስዬ ስቀልድ የነበረው፣ ተናደው እንዲጠሩኝ ነው። ሊሰድቡኝም ቢሆን። ለሦስት ዓመት ስልክ ጠብቄአለሁ።"

ያን ጊዜ "ልጄ፣ ዜማውን ከፍ ያስደረግኩት እኔ ነኝ፤ ነገ እናወርደዋለን" ማለት ነበረብኝ። አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ያልኩት ግን፣

"ነገ በሰዓቱ ነይ።"

ኖቬምበር 15

ተቀረጸ።

መድረኩ ላይ የሳሙና አረፋ እንደ በረዶ ይዘንባል። በዚህ ሙቀት የሱፍ ካፖርት አልብሰውናል፤ ጀርባዬ ላይ ላቡ ይወርዳል። እሷ ነጭ ለብሳለች። ስትገባ እጄን ያዘችኝ፤ እሳት ነች። ትኩሳት።

የመጀመሪያውን ግጥም እንዴት እንደዘፈነችው... እውነቱን ለዚህ ደብተር ካልነገርኩ ለማን እነግራለሁ? ኔስቶር ቢሰማ ያለቅስ ነበር። እኔ ይህን ዘፈን ሃያ ዓመት ስዘፍነው መርከበኛው ደክሞት እንደነበር አላወቅኩም።

ከዚያ መርከበኛው በሩን የሚያንኳኳበት ቦታ ደረሰ። አፏን ከፈተች፣ ድምፅዋ ወጣ፣ ወጣ... ተቆረጠ። ምንም። አየር ብቻ።

አላስጨረስኳትም። ጎትቼ ደረቴ ላይ አስጠጋኋትና ድምፁን ከአፏ ነጥቄ ጫፍ አደረስኩት። ከልቤ፣ በሙሉ ሳንባዬ። አዳራሹ ተነሳ። ሪኮ እያለቀሰ መጣ፤ "እናትና ልጅ! እናትና ልጅ ሆናችሁ!"

ላድናት አይደለም። መጨረሻው የእኔ እንዲሆን ነው። እሷም አውቃለች፤ እቅፌ ውስጥ ሆና ቀና ብላ አየችኝ።

መታጠቢያው ጋ ደም ተፋች።

ኖቬምበር 18

ኦፕራሲዮን ሆነች።

ዲሴምበር 6

ትናንት ዝግጅቱ ተላለፈ። ዛሬ ከቤት መውጣት አልተቻለም። ጂፕኒ የሚሉት የሕዝብ ታክሲ ሁሉ ያንን ዘፈን ይዞ ይዞራል። ዓሣ ሻጯ እጄን ይዛ "አወዳደቋን አይተሽ ያነሳሻት እናት!" ብላ ዓሣ ጨመረችልኝ። በቀልድ ፕሮግራሙ ምክንያት የሳቁብኝ ሁሉ አሁን ቆመው ያሳልፉኛል።

የፈለግኩት ይህ አልነበረም? ነበር።

ዲሴምበር 14

ቲኖ መጣ። ሐኪሞቹ ዲዲትን ወደፊት ትናገሪያለሽ፣ አትዘፍኚም ብለዋታል። ንግግሩም ገና ነው፤ ለጊዜው በወረቀት እየጻፈች ነው የምትግባባው።

"ጊዜ ይፈልጋል እንጂ..." ብዬ ጀመርኩ።

"ሌላ ፒያኖ መቺ ፈልጊ፣ ፔርላ።"

"አንተስ? ከፍ ያደረገው የማን እጅ ነው?"

"የእኔ። ለዚህ ነው የማልመታው።"

የሠላሳ ዓመት ኖታ ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጦ ሄደ። በጥንቃቄ፣ በፊደል ተራ አሰልፎ።

ዲሴምበር 19

የማለዳ ቅዳሴ። ቄሱ በስብከታቸው ስሜን ጠሩ። ትሕትና ማለት ይህ ነው አሉ። ምእመኑ ዞሮ አየኝ። ቁርባን ሳልቀበል ወጣሁ። ሰዉ ግን መንገድ ለቀቀልኝ፤ በደስታ አልቅሳ ነው ብሎ።

ዲሴምበር 24

አደረግኩት።

የጠዋቱ የሬዲዮ ፕሮግራም ጋበዘኝ። አቅራቢዋ ሌኒ፣ አፈ ጮሌ ልጅ። "እትዬ ፔርላ፣ ያን ቀን ዲዲትን ሲያቅፏት ምን ተሰማዎት?"

"ደስታ፣" አልኩ። "ስለወደቀች። ዜማውን እንዳትደርስበት ከፍ ያስደረግኩት እኔ ነኝ። መታመሟን አውቅ ነበር። አውቄ በሙሉ ድምፅ አስጮኽኳት። ያቺን ልጅ ድምፅዋን ያጠፋሁት እኔ ነኝ።"

ሌኒ ማይክራፎኑን ወደ ራሷ ሳበች። ድምፅዋ በእንባ ራሰ።

"አድማጮቻችን ሰማችሁ? ይህች ሴት ራሷን እንዴት እንደምትወቅስ ሰማችሁ? እንደ እናት እኮ ነው... እናት ልጇ ስትታመም በእኔ ነው ትላለች።"

"ልጄ፣ አልገባሽም፤ ክፋት ነው የምልሽ።"

"እትዬ፣ በቃዎት፣ ራስዎን አይጉዱ።"

የአድማጮች ስልክ ተከፈተ። ከሴቡ ደሴት አንዲት ሴት አለቀሰችልኝ። አንድ አዛውንት "እንዳንቺ ያለ ሰው አልቋል" አሉኝ። ሦስተኛው ደዋይ ላይ ጆሮ ማዳመጫውን አወለቅኩ። ሌኒ ዘፈኑን ከፈተች።

ዲሴምበር 27

ከምሳ በፊት በር ተንኳኳ። የዲዲት እናት፣ እትዬ ሴፋ። ቀጭን፣ ባለ ሽበት። በሙዝ ቅጠል የተጠቀለለ የሩዝ ኬክ በትልቅ ድስት ይዛለች። በሬዲዮ ሰምታኛለች።

"እንዲህ አይበሉ። የእኔ ልጅ በተፈጥሮዋ እልኸኛ ናት፤ እኔም ከልክያት ነበር። ራስዎን አይክሰሱ።" ልጅ ለታላቁ እንደሚያደርገው ጎንበስ ብላ እጄን ይዛ ግንባሯ ላይ አስነካች። በዕድሜ እኩያዬ ናት! እጄን ልነጥቃት ይገባኝ ነበር። ሰጠኋት።

ከትከሻዋ በላይ የመጡበት መኪና ይታያል። ዲዲት ከኋላ ተቀምጣለች፣ አንገቷ ላይ ሻርፕ። አልወረደችም።

በባዶ እግሬ ወደ እሷ ሄድኩ። አስፋልቱ ይፋጃል። መስኮቱን አወረደችው።

"ነገርኳቸው፣" አልኳት። "ሁሉንም ተናገርኩ። አላመኑኝም።"

ጉልበቷ ላይ ካለው ደብተር ገጽ ገለጠች። ቀስ ብላ ጻፈች፤ የእጅ ጽሑፏ እንደ ተማሪ ቆንጆ ነው። ቀድዳ ሰጠችኝና መስኮቱን ዘጋች።

"እኔ አምኜሻለሁ።"

ለመጀመሪያ ጊዜ አንቺ አለችኝ። እናቷ እየሳቀች እጇን እያውለበለበች ሄዱ። ወረቀቱን ይዤ መንገዱ መሃል ቀረሁ፤ የጎረቤት ልጆች ፊርማ ሊጠይቁኝ ተሰለፉ።