ከስኮርታው ጎማ ሥር

ኅዳር 14 ቀን፣ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ

ለልጄ አባት፤

እንደምን ከርመሃል? እኔ ከጉልበቴ ሕመም በቀር ደህና ነኝ። ደብዳቤህ ደርሶኛል። አንብቤ አጠፍኩት፤ ስፌቴ ላይ ተቀምጬም አላስችል ሲለኝ መልሼ ገለጥኩት። «የሥራ ውሌ ሊያልቅ ነው፤ ሰውነቴም ደክሟል፤ ያለፈው አልፏል፤ ፈቃድሽ ከሆነ ቤቴ ልግባ» ብለሃል። አምስት ዓመት ሙሉ በወር አንዴ ደውለህ «ደህና ናችሁ?» ከማለት በቀር አፍህ የማይፈታ ሰው ሦስት ገጽ መጻፍህ ገርሞኛል። በሦስቱም ገጽ የልጅህን ነገር ፈለግሁ። መጨረሻው አካባቢ አገኘሁት፤ «መኪናዋ ትነሳለች? ልጁስ?» ይላል። ከመኪናዋ ቀጥሎ።

ይሁን። በጠየቅከኝ ተራ ልመልስልህ።

መኪናዋ ትነሳለች። አራት ዓመት ግቢ ውስጥ ሸራ ለብሳ ከቆመች በኋላ አምና መንጃ ፈቃድ አወጣሁ። አትሳቅ። ለሁለት ትምህርት ቤት የደንብ ልብስ እሰፋለሁ፤ ጥቅሉን በሰው ትከሻ ማመላለስ ሰልችቶኝ ነው። ባትሪ ተቀየረላት፣ ዘይቷ ተለወጠ፣ ተነሳች። ከግቢ ወጥታ ፍጥነቷ አርባን ሲያልፍ ግን ያ የምታውቀው ድምፅ ከእግሬ ሥር መጣ። እንደ ሩቅ ወፍጮ «ዉዉዉ» የሚል፣ ማርሽ ብቀይር የማይለወጥ፣ ከፍጥነቷ ጋር ብቻ እየጨመረ የሚሄድ። የቤታችን መፍረስ የጀመረው በዚያ ድምፅ ነው።

ድምፁ መጀመሪያ የተሰማ ቀን፣ አንተና ልጃችን አብራችሁ ወደምትሠሩበት ጋራዥ ምሳ ይዤላችሁ መጥቼ ስለነበር በዓይኔ አይቻለሁ። መኪናዋን አንድ ዙር ነድተህ ወረድክና «የቀኝ የፊት ኩሽኔታ አልቋል፤ ጎማው የሚዞርበት ኩሽኔታ» አልክ። እዚያ ሁሉም «ዶክተር» ነው የሚሉህ፤ አንተ ካልክ አለቀ። ልጃችን እጁን በጨርቅ እየጠረገ፣ «አባዬ፣ የሚጮኸው ወደ ቀኝ ስናጠፋ ነው እኮ። ያኔ ክብደቷ በግራ ጎማ ላይ ነው የሚወድቀው። ግራው ይመስለኛል» አለህ። በትሕትና ነው ያለህ። የጋራዡን ቀለም ቀቢ ግን አላስቻለውም፤ «ዶክተር፣ ተተኪህ ደረሰ! ጡረታህን ጠይቅ!» ብሎ ጋራዡን በሳቅ አናወጠው። ፊትህ ቲማቲም መሰለ። «ልጅ ለእናቷ ምጥ አስተማረች» አልክና ቀኙን ፈትተህ ምንም ያልሆነ ኩሽኔታ አውጥተህ ጣልክ፤ አዲስ ከተትክ።

ማታ ወደ ቤት ስንመለስ ድምፁ እንደነበረ ነው። «አለ እኮ» ስልህ «የጎማው ነው» አልከኝ። ጎማ ቀየርክ፤ «አሁንም አለ» ስልህ «የመንገዱ ነው» አልክ። ሦስተኛ ስደግምልህ «የጆሮሽ ነው» ብለህ ሁለት ቀን አኮረፍከኝ። እኔ ቀኑን ሙሉ ስፌት መኪና ላይ የምውል ሴት ነኝ። የሚዞር ብረት ሲታመም ዶክተር አላስፈልገኝም።

በሁለተኛው ሳምንት የጋራዡ የኩሽኔታ ማውጫ ጠፋ። ያ ባለ ሦስት እግሩ፣ ባለ ጋራዡ እንዳይለወጥበት ራሱ ላይ ቀይ ቀለም የቀባው፣ አንድ ለናቱ የሆነው ዕቃ። በዋዜማው ዕቃዎቹን ያጸዳው ልጃችን ስለነበር ዓይን ሁሉ እሱ ላይ አረፈ። የሆነውን የነገረኝ ቀለም ቀቢው ነው። ልጁ ወደ አንተ ዞሮ «አባዬ፣ አንተ ታውቀኛለህ አይደል?» አለህ። አንተ መሬት መሬት እያየህ «እኔ ምን አውቃለሁ» አልክ።

እኔ ምን አውቃለሁ! አሥራ ዘጠኝ ዓመት ያሳደግከውን ልጅ።

የዚያኑ ዕለት ተባረረ። በሳምንቱ ልብሱን በፌስታል ይዞ ከቤት ወጣ። በሦስተኛው ወር አንተም ለባዕድ አገር ካምፓኒ ፈርመህ ሄድክ። እኔ የዋህ፣ በልጁ አፍሮ ነው አገር የለቀቀው ብዬ አዘንኩልህ። ሻንጣህን እንኳ ያስተካከልኩልህ እኔ ነኝ።

አሁን ወደ ቅዳሜ ልምጣ። ድምፁ ሰሞኑን ባሰበትና መሪው እጄ ላይ መንቀጥቀጥ ጀመረ። እዚህ ላሳያት አልኩና ልቤ እምቢ አለ። ሁለት ሰዓት ነድቼ ወደ ልጄ ሄድኩ። የሚሠራው ከአንዲት ትንሽ ከተማ መውጫ ላይ፣ በቆርቆሮ ጥላ ሥር ነው። ጎማ ይጠግናል። ሞተር በትኖ የሚገጥም እጅ አየር ሲሞላ ይውላል፤ ስሙ ቀድሞት እየሄደ አንድም ጋራዥ አላስገባው ስላለ። ከዚህ በፊት ሁለቴ ሄጃለሁ። ሁለቴም ሻይ ጋብዞ ሸኝቶኛል፤ ስለዚያ ነገር ግን እሱም አላነሳ፣ እኔም አልደፈርኩ።

ገና ስደርስ ድምፁን ሰምቷል። «ወደ ቀኝ ስታዞሪያት ይጨምራል፣ ወደ ግራ ስታዞሪያት ይቀንሳል፣ አይደል?» አለኝ። አዎ አልኩት። ፈገግ ሊል ብሎ ተወው። ለኋላ ጎማዎቹ ድንጋይ አስደግፎ በክሪክ የፊቷን አነሳ። ጎማውን ከላይና ከታች ይዞ ነቀነቀው፤ ቋ ቋ አለ። ከዚያ እጄን ያዘና ከጎማው ጀርባ ያለው ሞላ ላይ አስቀመጠው። «አሁን ዓይንሽን ጨፍኚ» አለና ጎማውን አዞረው። እጄ ላይ አሸዋ የሚፈጭ መሰለኝ። ወደ ቀኙ ወስዶም እንዲሁ አደረገ፤ እዚያ ምንም የለም፤ እንደ ቅቤ ነው የሚዞረው። «ግራው ነው፣ እማዬ» አለኝ። ድምፁን ከፍ አላደረገም። አምስት ዓመት ሙሉ ልክ የነበረ ሰው አንድ ጊዜ እንኳ አልኮራብኝም።

ቀጥሎ ራሱን አከከ። «ሌላ ሰው ጋ ውሰጃት። ኩሽኔታውን ለመንቀል ማውጫ ያስፈልጋል፤ እኔ የለኝም። ለእኔ ደግሞ የሚያውስ የለም» አለ። ይህን ሲል ሊያሳዝነኝ ፈልጎ አይደለም፤ ዛሬ ዝናብ የለም እንደሚል ሰው ነው ያለው። እንዲሁ እንዳልመለስ የግራው ጎማ ባንድ ጎኑ ስለተበላ «ቢያንስ ስኮርታውን ልግጠምልሽ» ብሎ የኋላውን ኮፈን ከፈተ። ስኮርታውን፣ ትርፍ ጎማውን፣ አነሳው። ከሥሩ በጆንያ የተጠቀለለ ነገር አለ።

የሸሸግከውን አንተ ታውቀዋለህ። እኔ ግን እንዳየሁት ልንገርህ። መጀመሪያ ካርቶን ወጣ፤ ያልተከፈተ አዲስ ኩሽኔታ፣ በላዩ በአንተ የእጅ ጽሑፍ «ፊት ግራ» ተብሎበታል። ቀጥሎ ማውጫው ወጣ። ቀይ ቀለሙ እንዳለ ነው።

ልጅህ ተንበርክኮ ሁለቱን ጎን ለጎን መሬት ላይ አስቀመጣቸውና ካርቶኑ ላይ ያለውን ሁለት ቃል ለረጅም ጊዜ አየው። እኔ እጄን አፌ ላይ ጭኜ ቆሜያለሁ። በመጨረሻ ካርቶኑን ከፍቶ ኩሽኔታውን በጣቱ አዞረና «መጠኑ ልክ ነው» አለ።

ከዚያ ሠራ። ጎማውን ፈታ፤ የፍሬኑን ብረት አውልቆ ቱቦው እንዳይወጠር በሽቦ ሰቀለው፤ መሐል ላይ ያለውን ትልቁን ዳዶ ረጅም ቧንቧ ቁልፉ ላይ ሰክቶ በሙሉ ክብደቱ ተጭኖ ፈታው። ማውጫውን አንስቶ ሦስቱን እግሮች አጠመደና ኩሽኔታውን ስቦ አወጣው። የወጣው ኩሽኔታ ግራሶው ተቃጥሎ ጥቁር ዝፍት ሆኗል፤ ኳሶቹ ተቦርቡረዋል። «ትንሽ ጨምረሽ ብትነጂበት ኖሮ ጎማው ሊወጣ ይችል ነበር» አለኝ። አዲሱን በአሮጌው ቀለበት እየደገፈ፣ ጠርዝ ጠርዙን በእኩል እየመታ አስገባው። ዳዶውን አጠበቀ፤ ጎማውን አዞረው፤ እጄን እንደገና ሞላው ላይ አስቀመጠው። ጸጥ።

ያኔ ነው እኔ የተሸነፍኩት። የአንተን ኃጢአት ብቻ አልጻፍኩልህም፤ የራሴም አለ። ያ ዕቃ በጠፋ ሰሞን፣ እሱ ከቤት በወጣበት ሰዓት ክፍሉ ገብቼ ፍራሹን ገልብጬ ፈትሻለሁ፤ የሸጠበትን ብር ፍለጋ። ምንም አላገኘሁም፤ ለማንም አልተናገርኩም። ቅዳሜ ለት እዚያው ቆርቆሮው ሥር ነገርኩት።

«አውቃለሁ» አለኝ። «አንሶላውን ስትመልሺው ገልብጠሽ ነው ያነጠፍሽው። አንቺ ደግሞ ልብስ ሰፊ ነሽ፤ የጨርቅ ፊትና ጀርባ አይጠፋሽም። እጅሽ እንደራደ ገባኝ። የወጣሁት ለዚያ ነው እንጂ ለአባዬስ ብዬ አልወጣሁም ነበር።»



ማውጫውን አንተ ያዘው፣ ለሥራህ ይሆንሃል አልኩት። ሳቀ፤ ያን ሳቅ ባልሰማው ይሻለኝ ነበር። «ይሄን ይዤ ቢያዩኝ ምን ይሉኛል፣ እማዬ?» አለኝ። ጠርጎ ጆንያው ውስጥ መለሰው። መኪናዋን ካስነሳሁ በኋላ በመስኮት ጎንበስ ብሎ «አባዬ ደህና ነው?» ሲል ጠየቀኝ። አየህ? እሱ አንተን ሲጠይቅ ከመኪና ቀጥሎ አላደረገህም።

መንገዱን ሁሉ ያለ ድምፅ ነዳሁ፤ ነገሩንም እስከ ቤቴ ድረስ ገጣጠምኩት። ግራው መሆኑን ያወቅከው በማግስቱ ነው። አዲስ ኩሽኔታ ገዛህ። ማውጫውን ማንም ሳያይህ ይዘህ ወጣህ፤ እሁድ ግቢያችን ውስጥ ብቻህን ቀይረህ ሰኞ ልትመልሰው። ድምፁ ይጠፋል፤ ልጁ ልክ እንደነበር ማንም አያውቅም፤ አንተም ዶክተር ሆነህ ትቀጥላለህ። ባለ ጋራዡ ቀደመህ እንጂ። ያኔ «እኔ ነኝ የወሰድኩት» ብትል «ለምን?» ይሉሃል። «ለምን» የምትለዋን አንዲት ጥያቄ ፈርተህ ልጅህን ሌባ እንዲባል አሳልፈህ ሰጠኸው፤ ማውጫውንም ከዚያ ወዲያ ልታወጣው አልደፈርክም። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች አሉ። አንተ የጣልከው ግን ከብብትህ አይደለም፤ ከአብራክህ ነው።

ለዚህ ነው «ያለፈው አልፏል» ስትል ደሜ የፈላው። በማን በኩል ነው ያለፈው? በእሱ በኩል አላለፈም፤ ዛሬም ጎማ እየጠገነ ነው።

ቤቴ ልግባ ላልከው፣ ና። በሩን አልዘጋብህም። ግን መጀመሪያ ወደ ቤት አይደለም የምትሄደው። በደረስክ በማግስቱ፣ ጠዋት ሠራተኛው ሁሉ ሥራ ከመጀመሩ በፊት ተሰብስቦ ሻይ በሚጠጣበት ሰዓት፣ ማውጫውን በእጅህ ይዘህ ጋራዡ ትገባለህ። በጆንያ አትጠቀልለውም። እኔ በመኪናዋ እስከ በሩ አደርስሃለሁ፤ አብሬህ አልገባም። «የወሰድኩት እኔ ነኝ። ልጄ አልሰረቀም። ግራው ነው ያለኝም እሱ ነበር» ትላለህ። ሦስት ዓረፍተ ነገር ነው። ሦስት ገጽ የጻፈ ሰው አያቅተውም። ቀለም ቀቢው አሁንም እዚያው ነው፤ አፉን ታውቀዋለህ፤ ከሰዓት በፊት ከተማው ሁሉ ይሰማዋል። እኔም የምፈልገው ይህንኑ ነው።

ከዚያ ልጅህ ዘንድ እወስድሃለሁ። ይቅር ይበልህ አይበልህ ዋስ አልሆንህም። እኔንም ይቅር ይበለኝ አይበለኝ ገና አልነገረኝም፤ እኔም መልሼ አልጠየቅኩትም።

ይህን ካልቻልክ ባለህበት ፈጣሪ ይጠብቅህ፤ ጤናህን አያጉድልብህ፤ ክፉ አይንካህ። ይህን ከልቤ ነው የምመርቅህ። ግን ባለህበት ቅር።

የልጅህ እናት

ማስታወሻ፦ ማውጫውን ግራሶ ቀብቼ፣ በንጹሕ ጨርቅ ጠቅልዬ፣ ከስፌት መኪናዬ ሥር አስቀምጬዋለሁ። እስክትመጣ ድረስ እንዳይዝግ ብዬ ነው።