ሴራሚክ የለበሰው ክዳን

ማክሰኞ፣ የካቲት 3

ዛሬም ጠዋት ግቢውን ሲያጥብ አገኘሁት። ባሌን። ሥራው ኢንሹራንስ ቤት ቁጭ ብሎ መፈረም ነው፤ እኔ ግን በሆዴ “ኢንጂነሩ” ነው የምለው፣ የማያውቀው ነገር የለማ። ባለፈው ወር ግቢውን ሙሉ ሴራሚክ አስነጠፈ። ከዚያ ወዲህ በጫማ የረገጠ ሁሉ ወንጀለኛ ነው። እኔን እንኳ እንደዚያ ሴራሚክ ትኩር ብሎ አይቶኝ አያውቅም።

ከኛ ጋር ምድር ቤት የሚኖሩት አማቴ፣ እናቱ፣ ሽንት ቤታቸው ውኃ ሲለቀቅ ጉርጉር ይላል አሉ። ነገርኩት። “አየር ነው” አለ። ከስልኩ ቀና እንኳ አላለም።

ሐሙስ፣ የካቲት 5

አየሩ ሸተተ።

ቪዲዮ አይቶ የዳቦ እርሾ በሞቀ ውኃ በጥብጦ ሽንት ቤቱ ውስጥ ደፋ። ባክቴሪያ ነው፣ የፍሳሽ ታንኩ ውስጥ ያለውን ሁሉ ይበላዋል አለ። ከሰዓት እህቱ እናቷን ልትጠይቅ መጣች። ሽታው አላስቀመጣትም፤ አንድ ጠርሙስ በረኪና ገለበጠችበት። ወንድም የቀለበውን እህት ፈጀችው። የእውቀት ቤተሰብ...

እኔስ ምን አውቃለሁ? ታንክ ሲሞላ እንደሚመጠጥ አውቃለሁ። እዚህ ቤት ከገባን ጀምሮ አንድ ቀን እንኳ አልተመጠጠም። ለዚህም ቪዲዮ ያስፈልጋል?

ዓርብ፣ የካቲት 6

በአማቴ ሻወር ወለል ጥቁር ውኃ ወጣ። የፍሳሽ መምጠጫ መኪና ጠራሁ። ሹፌሩ ያንን ወፍራም ጎማ እየጎተተ ግቢው መሃል ደረሰና የታንኩ ክዳን የታለ ብሎ ጠየቀ።

ኢንጂነሩ ዓይኑን ሴራሚኩ ላይ ተከለ። ያኔ ገባኝ። የግቢውን መልክ ያበላሻል ብሎ በላዩ ላይ አስነጥፎበታል። የት ጋ እንደነበርም አያስታውስም። ሹፌሩ ሳቁን መዋጥ አቃተው፤ ስታገኙት ደውሉልኝ ብሎ ጎማውን ጠቅልሎ ሄደ።

ይሰበር ስለው ፊቱ ተለዋወጠ። የፊታችን ሳምንት ቅዳሜ አለቃው ምሳ ይመጣል። ያ ዓይነት ሴራሚክ ገበያ ላይ የለም። ከምሳው በኋላ እናየዋለን፣ እስከዚያ ሁላችንም ላይኛው ፎቅ እንጠቀም አለ። እናቱ ጉልበታቸው ደረጃ እንቢ ካላቸው ስንት ጊዜው? ደግሞስ የላዩም የታቹም የሚገባው አንድ ታንክ አይደል? እኛ ላይ ውኃ በለቀቅን ቁጥር የሚወጣው እሳቸው እግር ሥር ነው።

እሑድ፣ የካቲት 8

አዲስ ጥበብ መጣ፦ እናቱን እህቱ ጋ መላክ። አራተኛ ፎቅ፣ ሊፍት የለው። በወንበር ተሸክመን እናወጣታለን ይላል። ሴራሚክ ከሚነሳ እናት ትነሳ።

አማቴ ነጠላቸውን አስተካከሉ። ለኔ ቢሆን አፍ አያጡም። ሾርባው ቀጠነ፣ አንሶላው አልተተኮሰም... ለልጃቸው ሲሆን ምላስ የላቸውም። እኔና እሳቸው ተዋደን አናውቅም፤ ዛሬ ግን የባሰ አናደዱኝ።

ክፍላቸውን ሳጸዳ መስኮቱ ላይ ያለው አበባ አፈሩ ረጥቧል። ጠዋት የሰጠኋቸው ሻይ ነው። ጆጉም እንደሞላ ነው። ቀና ብዬ ሳያቸው ከንፈራቸው ተሰነጣጥቋል። ለምንድነው የማይጠጡት አልኳቸው። ቀስ ብለው፣ “ከጠጣሁ መሄድ አለብኝ... የት እሄዳለሁ?” አሉ።

ፖፖ ላምጣልዎ ስላቸው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ።

ማክሰኞ፣ የካቲት 10

ጠዋት ከአልጋ ሲነሱ ወደቁ።

ክሊኒክ ወሰድናቸው። ግሉኮስ ተተከለላቸው። ሐኪሟ ሰውነታቸው ውኃ አጥቷል፣ እንዲህ ከቀጠለ ኩላሊታቸውን ይጎዳል አለች። ለምን እንዳልጠጡ ጠየቀች። ኢንጂነሩ ጉሮሮውን ጠርጎ እርጅና ነው አላት። አማቴም ተኝተው ራሳቸውን ነቀነቁለት። አዎ፣ እርጅና... ልጃቸው እንዳይዋረድ።

“እርጅና አይደለም” አልኩ። “ሽንት ቤታቸውን ሴራሚክ አልብሶባቸው ነው።”

ሐኪሟ እስክሪብቶዋን እንደያዘች ቀረች። እሱ ስልኩ ሳይጠራ ስልክ ሊያነሳ ወጣ።

ነገ ይወጣሉ ተባለ። ወደየት? ወደዚያው።

ሐሙስ፣ የካቲት 12

እሱ ሥራ እንደወጣ መዶሻና መሮ አወጣሁ። ከንዴት ነው። እሺ፣ ፍርሃትም አለበት።

አማቴን በረንዳው ላይ አስቀመጥኳቸው። ከሽንት ቤቱ ግድግዳ ተነስቼ ቱቦው የሚሄድበትን እየገመትኩ በመዶሻው እጀታ ማንኳኳት ጀመርኩ። መሰለኝና አንዱን ሰበርኩ፤ አፈር። ሌላውም አፈር። እግዜር ያሳይሽ አሉ ከኋላዬ። ትንሽ ወረድ ስል ድምፁ ተለወጠ፣ ከሥሩ ባዶ እንደሆነ ያስታውቃል። ስሰብረው የብረት መያዣ ብቅ አለ። እዚያው መሬት ላይ ቁጭ አልኩ።

አማቴ ከዘራቸውን ወደ አንድ ደህና ሴራሚክ ቀሰሩ።

“ያንንስ?”

“ክዳኑ ተገኘ እኮ፣ እማማ።”

“አይቻለሁ። ስበሪው።”

ሰበርኩት።

ሹፌሩ መጥቶ መጠጠ። ከሥር ዝቃጩ ተጋግሯል፣ በየሁለት ሦስት ዓመቱ ካላስመጠጣችሁ ቱቦውን ይደፍነዋል አለ። ኢንጂነሩ ማታ ሲገባ ግቢውን አየና ሳይናገር ደረጃውን ወጣ። እንኳንም አልተናገረ፤ መሮው ገና እጄ ላይ ነበር።

ቅዳሜ፣ የካቲት 14

አለቃው መጣ። ኢንጂነሩ የተሰበረውን ቦታ ምንጣፍ አልብሶት ነበር። ባሌ መሸፈን መቼም አይተውም። አለቃው ሲያልፍ አደናቀፈውና ምንድነው ብሎ ጠየቀ።

በምሳ ላይ የኢንጂነሩ ማብራሪያ ተጀመረ። ታንክ በየጊዜው ይመጠጣል፣ የእርሾው ነገር ወሬ ነው፣ በረኪና መድፋትማ ጭራሽ፣ ክዳን ደግሞ ምንም ቢያስጠላ አይሸፈንም... ብዙ ሰው ይህን አያውቅም፣ እኔ ግን ለሴራሚክ ሳልሳሳ አስሰበርኩት አለ። ሹካውን ልውጠው ነበር።

አማቴ ማንኪያቸውን አስቀመጡ።

“አንተ የደፈንከው ነህ” አሉት። “የከፈተችልኝ እሷ ናት።”

አለቃው ሰላጣውን ማጥናት ያዘ። ኢንጂነሩ እስከ ጆሮው ቀላ። እኔ... ሳህን የማነሳ መስዬ ማድ ቤት ገባሁና አለቀስኩ።

እንግዳው ሲሄድ አማቴ ሻወር ገቡ። ጥቂት ቆይተው በስሜ ጠሩኝ። ጀርባቸውን እንዳሽላቸው። ከሴት ልጃቸው በቀር ሰው አያስገቡም ነበር። ገባሁ፤ ውኃው ያለ ችግር ይወርዳል። ሳሙናውን አነሳሁ።

“ጠንከር አድርጊው” አሉ። “እጅሽ ሰነፍ ነው።”

ጠንከር አደረግኩ።