ከበሮ መቺው የአጎቴ ልጅ

ለቤቴ እመቤት ለጫልቱ፤

ከተለየሽኝ ክረምቱ አልፎ ገብሱም ታጨደ። ይህን የምጽፍልሽ እኔው ነኝ፤ ጸሐፊ ለምኜ አይደለም። ማታ ማታ ፊደል ቆጥሬ ከአሰላ ባለጋሪዎች አንደኛ ወጣሁልሽ። የተማርነው ባለጋሪዎች ሁለት ነን፤ ሁለተኛው ደግሞ ክፍል ውስጥ ይተኛል። ቢሆንም አንደኛ አንደኛ ነው።

ቤቱ እንደተውሽው ነው ብዬ ልዋሽሽ አስቤ ነበር። ጣሪያው ባንቺ በኩል ያፈሳል። ፈረሱ በእኔ እጅ ሳበላው ፊቱን ያዞራል። እናትሽ ልብስሽን ሊወስዱ ሲመጡ አንዱን ቀሚስ ደበቅሁባቸው፤ ያዩኝ ይመስለኛል፤ ግን ትተውልኝ ሄዱ።

ጫልቱዬ፣ ፊልም እናይበት የነበረው አዳራሽ ቅዳሜው አይረሳኝም። ከዋናው ፊልም በፊት ያቺን አጭር የሙዚቃ ፊልም ያሳዩን ነበር፤ ነጭ ኮት የለበሱ ጥቁሮች በሦስት ረድፍ ተቀምጠው ጥሩምባ ሲነፉ፣ መሪያቸው ዘንግ ሲያወዛውዝ፣ ጎረምሶቹ ሴቶቹን ወደ ላይ ወርውረው ሲቀልቡ። እንግሊዝኛውን የሚያውቅ ስላልነበረ ያው እኔ ተነስቼ አስረዳለሁ። ጥሩምባ ነፊዎቹ አንድ ላይ ብድግ የሚሉት ወንበሩ እየቆረቆራቸው ነው አልኩ። መሪው የተቆጣው አርፍደው ስለመጡ ነው አልኩ። ያ ጥርሱን እያሳየ ከበሮውን የሚደበድበው ደግሞ የአጎቴ ልጅ ነው፣ ከኢተያ የስንዴ ጭነት ላይ ኮብልሎ አሜሪካ ገባ አልኩ።

አንቺ በሴቶቹ በኩል ቆመሽ እኔ ያልኩትን ከሳጉሬ ለመጡት በኦሮምኛ ትመልሽላቸው ነበር። የእኔ ኦሮምኛ ከገበያ ዋጋ አያልፍም፤ የምትይውን አልከተልም ነበር። የእኔ አንድ ቃል ባንቺ አፍ ሦስት ይሆናል፣ ሳቁም ባንቺ በኩል ይበረታል። ቀልዴ በኦሮምኛ ይጣፍጣል ማለት ነው ብዬ እኮራ ነበር። ከዚያ ወዲህ ሳጉሬዎች በገበያ ባገኙኝ ቁጥር የአጎትህ ልጅ ደህና ነው ወይ ይሉኛል። ደህና ነው፣ አሁንማ ሹመት ሰጡት እላቸዋለሁ። ያን ሁሉ ሕዝብ በአንድ አፍ አሳመንኩት ብዬ ደረቴን ነፍቼ ስሄድ ታይኝ ነበር።

በለቅሶሽ ላይ ኦቦ ገመዳ ከሳጉሬ በእግራቸው መጥተው አጠገቤ ተቀመጡ። ለአጎትህ ልጅ መርዶው ደረሰው ወይ አሉኝ። ያን ጊዜ መዋሻ አቅም አልነበረኝም። አባቴ፣ እኔ የአጎት ልጅ የለኝም አልኳቸው።

እናውቃለን አሉኝ። ጫልቱ ያኔውኑ ነግራናለች። ባለቤቴ እዚህ አገር አንድ ዘመድ የለውም፣ ደህና ነህ ወይ ብሎ የሚመጣበት ሰው የለም፣ እንግዲህ ይህን ከበሮ መቺ ዘመዴ ብሏልና ስታገኙት ጠይቁልኝ፣ አደራ ብላናለች አሉኝ።

ሕዝብ አታለልኩ ስል፣ አንቺ ለካ ዘመድ ስትለምኚልኝ ኖረሻል።

ሌላስ በአዳራሹ ምን ትላችሁ ነበር ብዬ ኦቦ ገመዳን ያዝኳቸው። አሰቡ፣ አሰቡና፣ ልጄ፣ ብቻ ደስ ይል ነበር አሉኝ። ሌሎቹንም ጠየቅሁ። መሳቃቸውን ያስታውሳሉ፤ ያልሽውን የሚያስታውስ የለም። ያ ሁሉ ቅዳሜ ፊቴ ቆመሽ ስትናገሪ እኔ ተራዬን ነበር የምጠብቀው።

ባለፈው ቅዳሜ ያችው ፊልም ተመልሳ መጣች። ሁሉም አሉ፣ ኮታቸው አልቆሸሸም፣ ከበሮ መቺውም አላረጀም። አንቺ ግን አንድ ፎቶ እንኳን የለሽም፤ ለከርሞ እንነሳለን እያልን ቀረን። ሰዉ፣ ባለጋሪው ንገረን እንጂ፣ ምን ነካህ ሲለኝ ተነሳሁ። አንድ ነገር አልኩ። በእኔ በኩል ያሉት ሳቁ። በዚያኛው በኩል ያሉት ዞረው አንቺ ትቆሚ የነበረበትን ግድግዳ አዩ። እኔም አየሁ። ጥሩምባው ይጮሃል፣ እኛ ግን አንቺን እንጠብቃለን። ዋናው ፊልም ሳይጀመር ወጥቼ ሄድኩ።

አሁን ኦሮምኛ እማራለሁ፤ ፊደሉን የቻልኩ ይህን አያቅተኝም። ብማርም ያልሽው እንደማይመለስ አውቃለሁ። ጫልቱዬ፣ እኔ አንቺን የማውቅሽ በግማሽ ነው። ሌላውን ግማሽ የሰሙት ሰዎች ረስተውታል። የቀረኝን ግማሽ ግን እስክሞት ከእጄ አልጥለውም።

ባለቤትሽ