ክፍያው አይጨምርም

ጥቅምት 6

የፋርማሲስቷን ኩሽና ጨረስኩ። የሁለቱ ካርቶን ሴራሚክ ቀለም አልገጠመም፤ አንዱ ወተት፣ አንዱ ሻይ ጠብ ያለበት ወተት። ልትቆጣ አፏን ስትከፍት “የዘንድሮ ፋሽን ነው፣ ለሁሉም ሰው አላደርገውም” አልኳት። ዞር ዞር ብላ አየችው… ፈገግ አለች። ጎረቤቷን ጠርታ አሳየች።

ጉልበቴ ግን በወሬ አይታለልም። ከወለል ልነሳ ስል ሁለት ጊዜ መልሶ አስቀመጠኝ።

ስመለስ ጉንዳን ዘንድ ጎራ አልኩ። እህቴ ሞታ እኔ ጋ የመጣች ጊዜ ነው ጉንዳን ያልኳት፤ ያገኘችውን ሁሉ፣ ቁልፍም ክርም፣ ትራሷ ሥር ትሰበስብ ነበር። አሁን ሠላሳ አራት ዓመቷ። የልጅ እናት፣ የቤት ባለቤት። ቤቱን ከገዙ ስድስት ዓመት ሆናቸው… ገዙ እንበል።

ዛሬ ፊቷ በርቷል። ባንኩ መልእክት ልኮላት ነበር። የብድሩ ወለድ ከመቶ አሥራ ሁለት ወደ አሥራ አራት ከፍ ብሏል፤ ወይ ወርሃዊ ክፍያችሁ በአንድ ሺህ አንድ መቶ ምናምን ይጨምር፣ ወይ ባለበት ይቀጥል፣ ምረጡ። በምሳ ሰዓት ሄዳ ባለበት ይቀጥል ብላ ፈረመች። የባሏ ውክልና በእጇ ነው። ባሏ ቀያሽ ነው፤ በረሃ ውስጥ መንገድ ይቀይሳል፣ ስልኩ የሚሠራው ኮረብታ ላይ ሲወጣ ነው።

“ክፍያው አይጨምርም ጋሼ።”

“ባንኩ አፈረ ማለት ነው።”

ሳቀች። ስትስቅ ቁርጥ እህቴን።

ደስታዋ ገብቶኛል። በሰኔ የቀያሹ ውል ያልቃል፤ እዚህ ከተማ ቢሮ ተገኝቶለታል። ደሞዙ ያንሳል፣ ግን የወሩ ክፍያ፣ አሥራ አንድ ሺህዋ ካልጨመረች እንደምንም ይገፉታል። ትንሿ አምስት ዓመቷ ነው። አባቷን በዓመት ሦስቴ ታየዋለች።

መንገድ ላይ አንድ ነገር ቆረቆረኝ። ወለዱ ጨምሮ ክፍያው ካልጨመረ… ጭማሪው የት ገባ?

ጥቅምት 10

እሑድ። ጉንዳን ቤት ዋልኩ።

“ጋሼ፣ ከዚህ ቤት እስካሁን ስንቱ የእኛ ነው?” አለችኝ ልብስ እየተኮሰች። ለቀልድ ነው የጠየቀችው። ለቀልድ ከተጠየቅሁ ደግሞ…

ከሃያ ዓመት ስድስቱ ተከፍሏል። ሲሶ ሊሞላ ምን ቀረው? ወለሉን ለሠርጋቸው ያነጠፍኩት እኔ ነኝ፣ እያንዳንዷን ሴራሚክ በስሟ አውቃታለሁ። ጠመኔ አወጣሁና ሳሎኑን በመስመር ቆረጥኩት። ሶፋው የእኛ፣ ቴሌቪዥኑ የባንክ። መኝታ ቤቱ በሙሉ የባንክ። “ከእንግዲህ ስትተኙ አስፈቅዱ” አልኳት። ካውያውን አስቀምጣ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች።

ትንሿ ጨዋታ አገኘች። በአንድ እግሯ እየዘለለች “ባንኩን እንዳትረግጡ” ትላለች። እኔን ሦስት ጊዜ ያዘችኝ።

ጉንዳን መስመሩ እንዳይጠፋ አለች። ቀያሹ ሲመጣ ይየው።

ጥቅምት 13

ጭማሪው የት ገባ?

ጥቅምት 19

ባንክ ሄድኩ። ኮት ለብሼ፣ ከጥፍሬ ሥር ሲሚንቶውን በቢላ ፍቄ።

ብድር ክፍል ያለው ልጅ ሸጋ ነው፤ ከረባቱ አንገቱን አንቆታል። ቤት መግዛት ፈልጌ ነው፣ የሃያ ዓመት ብድር አልኩት። ዕድሜዬን ጠየቀኝ። ስልሳ ሁለት። ሳል መጣበት። ከፍለው ሲጨርሱ እኮ ሰማንያ ሁለት ሊሆንዎት ነው አለኝ፣ በትሕትና። እናቴ ዘጠና ዓመት ኖራለች፣ ምን አስቸኮለህ አልኩት። ከረባቱን ላላ አደረገና ሳቀ። እንዲህ ነው ሰው የሚከፈተው።

ከዚያ የመጣሁበትን ጠየቅሁ። የእህቴ ልጅ አንድ ሚሊዮን ተበደረች፣ በወር አሥራ አንድ ሺህ ትከፍላለች፣ ይሄ ገንዘብ ወዴት ይሄዳል?

ካልኩሌተሩን ወደ እኔ አዞረው። መጀመሪያ የወሩ ወለድ ይነሳል። በመጀመሪያው ወር ከአሥራ አንድ ሺህው አሥሩ ሺህ ወለድ ነው። ዋናውን ብድር የምትቀንሰው የቀረችው አንድ ሺህ ናት።

አንድ ሺህ… እኔ በእሷ የበር እጀታ አልገዛም።

“ወለዱ ጨምሮ ክፍያው ካልጨመረስ?”

“የመክፈያ ዓመቱ ይጨምራል” አለኝ። ሰዓት የጠየቅሁት ያህል።

ሰው ይህን ያውቃል ወይ አልኩት። ካልኩሌተሩን ወደ ራሱ መለሰና፦

“አባት፣ እዚህ ወንበር ላይ የሚቀመጥ ሁሉ ‘በወር ስንት ነው?’ ይለኛል። ‘ገንዘቡ ወዴት ይሄዳል?’ ያለኝ እርስዎ ብቻ ነዎት። እርስዎ ደግሞ አይበደሩም።”

ጥቅምት 20

ለጉንዳን ነገርኳት። ሳቀች። “ደግሞ ዛሬ ምን አመጣህ ጋሼ?” ትለኛለች። ዕድሜ ልኬን ስቀልድባት ኖሬ ዛሬ እመኚኝ ብላት እንዴት ትመን? በእህቴ አፈር ማልኩ። በእህቴ ቀልጄ አላውቅም።

ሳቋ እንደ ተዘጋ ቧንቧ ቆመ። ነገ ባንክ ሄጄ እጠይቃለሁ አለች።

ጥቅምት 22

ጠየቀች።

እስካሁን የከፈሉት ስምንት መቶ ሺህ ሊሞላ ትንሽ ቀርቶታል። ከዋናው የተነሳው አንድ መቶ ስድስት ሺህ። የቀረው ስምንት መቶ ዘጠና አራት ሺህ። ስንት ዓመት ቀረን አለች። በአዲሱ ወለድ፣ በድሮው ክፍያ… ሃያ አንድ ዓመት።

መልሼ መላልሼ ደመርኩት። ሲጀምሩ ሃያ ነበር። ስድስት ዓመት ከፍለው ሃያ አንድ ቀራቸው። አሥራ አራት መቅረት የነበረበት! ሰባቱን ዓመት በአንዲት ፊርማ፣ በምሳ ሰዓት። ሳንድዊች በእጇ ይዛ ነበር የፈረመችው።

ጭማሪው እዚያ ነው የገባው። ያልጠረጠረ ተመነጠረ።

ሁሉም ተደምሮ ሦስት ሚሊዮን ስድስት መቶ ሺህ ገደማ ይመጣል። ሦስት ቤት ተኩል ከፍለው በአንዱ ይኖራሉ። በቀሩት ሁለት ተኩል ማን ይኖርባቸዋል? ይህን ቀልድ ለራሴ ነው የቀለድኩት፤ እኔም አልሳቅሁም።

ጉንዳን ሶፋው ላይ ቦርሳዋን ታቅፋ ተቀምጣ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችኝ።

“ያኔ ስንት ዓመቴ ነው?”

ያልሰማሁ መሰልኩ። ራሷ ደመረችው፣ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ አየሁ። ሃምሳ አምስት። ቀያሹ ስልሳ ሁለት፣ ጡረታ ወጥቶም ይከፍላል።

ትንሿ ጠመኔው ደብዝዟል፣ አድስልኝ አለች። እውነተኛው መስመር የእግር መጥረጊያው ጋ ነው መሆን ያለበት፤ ከቤቱ የእነሱ የሆነው አንድ አሥረኛው ነው። ድሮ የነበረበት ቦታ ላይ አሰመርኩላት።

ኅዳር 3

ቀያሹ ለዕረፍት መጣ። ከስቷል። ግንባሩ ቆብ እስከሚደርስበት ነጭ፣ ከዚያ በታች የተቃጠለ ሸክላ።

ትንሿ በሩ ጋ ሮጣ ልትጠመጠምበት ሄደችና መሀል መንገድ ላይ ቆመች። “ባንኩን ረገጥከው” አለችው።

ምንድን ነው ይሄ አለ። ጉንዳን አየችኝ። እኔም ነገርኩት፣ አወይ ምላሴ፣ እንደ ተረት አሳምሬ፣ ሶፋው የእናንተ ነው፣ ቴሌቪዥኑ የባንክ። ሻንጣውን አስቀመጠ። እርጥብ ጨርቅ አመጣና ተንበርክኮ መስመሩን ጠረገው። ጫፍ እስከ ጫፍ። ጨርቁን አጥቦ አሰጣ።

“አሁን ቁጥሩን ያሳዩኝ ጋሼ” አለኝ።

አሳየሁት። ሥራው መለካት ነው፣ ለእሱ ማስረዳት አያስፈልግም። ደጋግሞ አሰላው። “ልክ ነው” አለ። ከዚያ ወደ ጉንዳን ዞረ። ድምፁን አልጨመረም፣ እሱ ድምፅ አይጨምርም።

“ለምን አልጠየቅሽኝም?”

“ኮረብታ ላይ እስክትወጣ ልጠብቅ?”

“ውክልና የሰጠሁሽ እኮ…”

“ውክልና ሰጠኸኝ። ሌላ ምን ሰጠኸኝ?”

ትንሿን ይዤ ወጣሁ። ሱቅ ድረስ ሄድን፣ ምንም ሳንገዛ ተመለስን።

ኅዳር 4

አልሄድኩም። በባልና ሚስት መሀል ሴራሚክ እንኳ አይነጠፍም።

ኅዳር 7

ራሳቸው አስጠሩኝ። ተኳርፈው የሰነበቱ ይመስላሉ፤ ሻዩን እሱ ቀዳ፣ ስኳሩን እሷ አቀበለች፣ አልተያዩም።

እኔ ሽጡት አልኩ። ተሸክማችሁት ከምታረጁ አውርዱት፣ ተከራዩ፣ አብራችሁ እደሩ። ቀድመው አስበውበት ኖሯል። ደላላ አምጥተው አሳይተዋል። ሰፈሩ ፋብሪካው ከተዘጋ ወዲህ ቀዝቅዟል፤ ዕዳው፣ ኮሚሽኑ፣ ግብሩ ተነስቶ የሚተርፈው ሲገዙ በቅድሚያ ያስገቡትን እንኳ አይሞላም። የስድስት ዓመቱ ክፍያማ… ላም አለኝ በሰማይ።

ወደ ባንኩ ተመልሰው ክፍያው ይጨምር ቢሉስ? ይቻላል፣ ዓመቱም ወደ አሥራ አራት ይመለሳል። ነገር ግን የከተማው ደሞዝ አዲሱን ክፍያ አይሸከምም። የድሮውንም በስንት መከራ ነበር።

ልዩነቱን እኔ እችላለሁ አልኩ። በወር አንድ ሺህ ምናምን፣ አንድ መታጠቢያ ቤት ማንጠፍ ነው። ከልቤ ነበር። ቀያሹ ቀና ብሎ ጉልበቴን አየው። ፊቴን አይደለም።

“እርስዎ ተንበርክከው እኔ ቤት ልግዛ?”

ሻዬ ላይ ስኳር ጨመርኩ። ጨምሬ እንደነበር ረስቼው።

ኅዳር 12

ቀያሹ ፈረመ። ከባንኩ ጋር ብቻ አይደለም።

የከተማውን ቢሮ ተወው። ካለበትም ራቅ ያለ ሌላ የመንገድ ሥራ አለ፣ የበረሃ አበል በደንብ የሚከፍል፤ ለሦስት ዓመት። ክፍያውን ያስጨምራል፣ ከዚያም በላይ በአበሉ ዋናውን ዕዳ ይቀንሳል። ከሦስት ዓመት በኋላ ዕዳው ሲቀል በከተማ ደሞዝ ይገፋል ነው ስሌቱ። ስሌቱ ልክ ነው። አየሁት፣ ስህተት አጣሁበት። ስህተት ባገኝበት ምን ነበረበት?

ዕረፍቱ በዓመት ሁለቴ ሆነ።

ጉንዳን ብቻዋን ስትሆን ጠየቅኳት። ባልነግርሽ ይሻል ነበር ወይ? ትንሿን ፀጉር እየሠራችላት ነበር፤ እጇን አላቆመችም።

“ባትነግረኝ በሰኔ ይመጣ ነበር።”

“ሃያ አንድ ዓመትስ?”

“እሱ ቤቱ ሆኖ።”

አልተቆጣችም። ብትቆጣኝ በወደድኩ። ስትጨርስ ልጅቷን ሳመቻትና “ሂጂ ለአባባ አሳዪው” አለቻት፣ እኔን ማለቷ ነው። አየሁት፣ አምሯል አልኩ።

ኅዳር 16

አውቶቡስ መናኸሪያ ሸኘነው። ለጉንዳን መሥሪያ ቤቷ ፈቃድ አልሰጣትም፣ ከቤት ተሰነባብተው ነው የመጣው። ወይም ፈቃድ አልጠየቀችም። አላጣራሁም።

ትንሿ ኪሱ ውስጥ እጇን ከታ አላወጣም አለች። አንድ ቀልድ ሳስብ ነበር፣ ሁሌም መናኸሪያ ላይ አንድ አላጣም፤ ምን ያለበት ዝላይ አይችልም፣ አንተ ግን ዘለህ ዘለህ በረሃ ገባህ ምናምን… ልጀምር ስል ቀደመኝ። ዓመት የማይናገረው ሰውዬ።

“ሰባቱን ዓመት በሦስት ገዛሁት ጋሼ። ዋጋው ደህና ነው አይደል?”

ፈገግ ብሎ ነው ያለው። እኔን መስሎ፣ የእኔን አነጋገር ይዞ። ሊያስቀኝ ነበር የፈለገው።

የትንሿን እጅ ከኪሱ አወጣሁ። አውቶቡሱ ሲነሳ እጄን አወዛወዝኩ፣ የተቀመጠው በየትኛው መስኮት በኩል እንደሆነ እንኳ አላየሁም።

ታኅሣሥ 5

አዲስ ሥራ ጀመርኩ። አዲስ ተጋቢዎች፣ አዲስ ቤት፣ መታጠቢያ ቤቱ ገና ግራጫ ሲሚንቶ። ልጁ መምህር ነው፣ ትምህርት ቤቱ እዚያው ማዶ ነው። ሚስቱ አርግዛለች፤ ሴራሚኩን ስትመርጥ አንዱን ሆዷ ላይ አድርጋ ከራሷ አራቀችው፣ እንዲታያት።

በብድር ነው የገዛነው አሉኝ ጠዋት፣ እየተቀባበሉ። በወር ስንት እንደሆነ ሳልጠይቃቸው ነገሩኝ። ቀላል ነው፣ ከኪራይ እኮ ብዙም አይበልጥም።

ቀና አልኩ። አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ሃያ ዓመት ነው ሃያ አምስት? ወለዱ የሚለዋወጥ ነው? ሁለት ጥያቄ፣ ከዚያ በላይ አይፈልግም። ልጁም የሚገባው ዓይነት ነው፣ ያየሁት ጊዜ አውቄዋለሁ። ቁጭ ብሎ ያሰላዋል። ያገኘዋልም።

ከዚያስ?

ምሳ ሲደርስ ሚስቱ ኩሽና ውስጥ ሁለት ሳህን ስታስቀምጥ ተሰማኝ። ከትምህርት ቤቱ ደወል ጋር በሩ ተከፈተ፤ ጠመኔ የነካ እጁን ሳይታጠብ ሊያቅፋት ሲል ገፋችው፣ ተሳሳቁ።

ጎንበስ ብዬ ሲሚንቶዬን ማቡካት ቀጠልኩ። አልነገርኳቸውም። ነገም እንጃ።

ልጁ ለምሳ ቤቱ ይመጣል።