ከማዶ ሲደወል ለማያነሱት ሚኒስትር

ይድረስ ለክቡር የኢነርጂ ሚኒስትር፣

ክቡርነትዎ፣ ጤናዎ የተሟላ፣ ቢሮዎም የሞቀ እንዲሆን ከልብ እመኛለሁ። እኛ ድንበሩ ላይ ባለው የጋዝ ማከፋፈያ አጥር ሥር የምንኖር ሰዎች፣ እርስዎ ከተሾሙ ወዲህ እንቅልፍ የሚባል ነገር ባይኖረንም፣ ለአገር ደኅንነት ነቅቶ ማደር ክብር ነውና አናማርርም።

ባለቤቴ የማከፋፈያው ቫልቭ ተቆጣጣሪ ነው። ጋዙ የሚመጣው ከጎረቤት አገር ስለሆነ ማዶም እንደ እሱ ያለ ተቆጣጣሪ አለ፤ ባለቤቴ ፊቱን አይቶት ባያውቅም፣ በስልክ ሲያወራ አፍንጫው ዘወትር ስለሚታፈን «ጉንፋኑ» እያለ ይጠራዋል። ጉንፋኑ መስመር ለማጽዳት ቫልቭ ከመዝጋቱ በፊት ይደውልና «ልዘጋ ነው፣ እንዳትደነግጡ» ይላል፤ ባለቤቴም የልጆቹን ደኅንነት ጠይቆ ስልኩን ያስቀምጣል። መንግሥታቱ ስንቴ ሲኮራረፉ እኛ በዚህች ጥሪ ሰላም ውለን እናድር ነበር።

እንግዲህ አንደኛው ምስጋናዬ፣ ይህን አደገኛ ወዳጅነት ደርሰውበት፣ ከማዶ የሚመጣ ጥሪ ሁሉ በቀጥታ ወደ ቢሮዎ እንዲዞር ስላዘዙልን ነው። ለካስ ያ ሁሉ ዓመት ስለ ልጆች ትኩሳት ሲወራ የአገር ምስጢር ይባክን ኖሯል!

ሁለተኛው ባለፈው ወር የሆነውን ይመለከታል። ጋዙ በድንገት ሲቋረጥ እርስዎ ወዲያው በሬዲዮ ቀርበው ጎረቤታችን አንገታችንን አንቆ ሊያንበረክከን ነው አሉ። ጋዙ ግን ከሰዓት በኋላ ተመልሶ መጣ፤ መስመር እያጸዱ ነበር። ጉንፋኑ ደውሎ ደውሎ የሚያነሳ ማጣቱን በኋላ ሰማን። እርስዎ ግን ቃልዎን የሚያጥፉ ሰው ስላልሆኑ መድፍ ከነወታደሮቹ ላኩልን።

መድፎቹ የተተከሉት ቧንቧው አናት ላይ ነው። ወታደሮቹ ጨዋ ልጆች ናቸው፤ ሲጋራቸውን የሚያጨሱት እዚያው ተቀምጠው ነው። ባለቤቴ አንድ ጥይት ቢባርቅ ሰፈሩ እንዳለ ይነዳል ብሎ ቢያመለክት፣ ሽብር ነዝተሃል የሚል ማስጠንቀቂያ ደረሰው። ለዚህም እጅ እንነሳለን።

ማዶም መድፍ ተተክሏል አሉ። የእኛዎቹ ወታደሮች አዛዥ ትእዛዝ ግልጽ ነው፤ ጋዙ ዳግመኛ ከተቋረጠ ይተኮሳል። ክቡርነትዎ፣ መስመሩ ደግሞ መጽዳቱ አይቀርም። እኔ ፈርቻለሁ። ባለቤቴ ለሥራ ሲወጣ በር ላይ ቆሜ ከዓይኔ እስኪሰወር አየዋለሁ፤ ድሮ እንዲህ አላደርግም ነበር።

በአርቆ አሳቢነትዎ ጥላ ሥር፣ በጋዝ ቧንቧዎ ላይ ተኝተን የምናድር፣
የቫልቭ ተቆጣጣሪው ሚስት

ይድረስ ካልኩ በኋላ የታየኝ፦ ይህን ፈርሜ ስነሳ የጋዝ ምድጃዬ እሳት ቀጥኖ ቀጥኖ ጠፋ። ባለቤቴ ሥራ ላይ ነው። ውጭ ወታደሮቹ ሲሯሯጡ ይሰማኛል። ጠረጴዛዎ ላይ የሚጮኽ ስልክ ካለ እባክዎ ያንሱት፤ አፍንጫው የታፈነ ሰው ከሆነ፣ እሱ ነው።