ያልተጻፈውን አነበብኩ

ቅዳሜ

ዛሬ ዋሸሁ። ያውም አዳራሽ ሙሉ ሽማግሌና ባልቴት ፊት።

በወር አንድ ቅዳሜ ፌርፋክስ፣ የሐበሻ ሰፈራችን ውስጥ፣ ለአረጋውያን ድምፅ አልባ ፊልም እናሳያለን። ዳዊት ማሽኑን ይይዛል፤ እኔ በሥዕሉ መሀል የሚወጣውን የእንግሊዝኛ ጽሑፍ በአማርኛ ጮክ ብዬ አነባለሁ። የዛሬው ፊልም ላይ ያለችውን ልጅ አንድ ባለጠጋና አንድ መርከበኛ ይወዷታል። መርከበኛው ሊሰናበታት ሲመጣ የእሷ ጽሑፍ "ሂድ፤ አልጠብቅህም" ይላል። እኔ "አትሂድ፤ ያላንተ አይሆንልኝም" ብዬ አነበብኩ።

ዳዊት ሥራ አግኝቶ ሐሙስ ወደ ዳላስ ይሄዳል። ሁለት ዓመት አብረን ስንሠራ እንደምወደው አንድም ቀን አልነገርኩትም። አዳራሹ ውስጥ ከእኔ ሌላ ያንን እንግሊዝኛ የሚያነበው ደግሞ እሱ ብቻ ነው። መብራት ሲበራ ዕቃውን ሰብስቦ ወጣ።

እሑድ

ከቤተ ክርስቲያን ስወጣ ጋሼ ተሰማ ያዙኝ። ከፊልሙ አንድ ቀን ቀርተው አያውቁም።

"እስቲ ንገሪኝ፣ አትሂድ ብላ በሩን ፊቱ ላይ የምትዘጋ ምን ዓይነት ሴት ናት?"

"የድሮ ሰው እንዲህ ነው፣ ጋሼ።"

"የድሮ ሰውማ እኔ ነኝ" አሉ።

ሳቅሁ እንጂ አፍሬያለሁ። የሰው ታሪክ አበላሸሁባቸው። ዳዊት አልደወለም።

ሰኞ

ሆሊውድ፣ ሥራ ላይ ዋልኩ። የምንከባከባቸው አሮጊት ዛሬ ገላቸውን አልታጠብም ብለው ሲታገሉኝ ወገቤ ተቆረጠ። አውቶቡስ ውስጥ ለዳዊት የምነግረውን ሰበብ ጻፍኩ፦

መነጽሬን ረስቼ ነው።
ጽሑፉ ቶሎ አለፈብኝ።
ለመርከበኛው አዝኜለት ነው።

አንዱም አያዋጣም። ካፍ ከወጣ አፋፍ። በአርባ ሦስት ዓመቴ እንደ ኮረዳ ስልክ መጠበቅ ሰለቸኝ።

ማክሰኞ

ምሳ ሰዓት ላይ ደወለ።

"ጽሑፉ እንደዚያ አይልም ነበር" አለኝ።

"አውቃለሁ።"

"ሶ፣ ታዲያ ከየት አመጣሽው?"

"ከራሴ። ላንተ ነው ያልኩት።"

የተቋረጠ መስሎኝ ስልኩን አየሁት።

"ለዳላሱ ሥራ አፕላይ ያደረግኩት እኮ ምንም ስላላልሽኝ ነው" አለ።

ልናደድ ፈለግኩ፤ አቅም አጣሁ። እሱስ አፍ የለውም? ሐሙስ ይሂድ አይሂድ አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። ነገ ከሥራ ስወጣ በር ላይ በመኪናዬ ፒክ አደርግሻለሁ ብሏል። ፈርቻለሁ። ግን ከሰዓት በኋላ አሮጊቷን ሳጥባቸው ወገቤን አላመመኝም።