ደሴቱ የጠየቀው ወረቀት

ባምባሲ፣ ግንቦት 4 ቀን 1988 ዓ.ም.

ለወንድሜ፣

በጌታ ስም ሰላምታዬ ካለህበት ይድረስህ። ጤናህ እንዴት ነው? የወደቡ ሙቀት ከእኛ ባምባሲ ይብሳል ብለህ ነበር፤ ለመድከው ወይ? እኔ በእግዚአብሔር ቸርነት ቆሜ እሄዳለሁ። ድምፄ ትንሽ ተዘግቷል እንጂ ክፍል ገብቼ ማስተማር ጀምሬአለሁ። ጎረቤቶቻችን ሁሉ ሰላም ይሉሃል። ሰላምታው እዚህ ላይ ይብቃን፤ የሆዴን ልናገር።

ስድስት ወረቀት ሙሉ የጻፍከው ደብዳቤ በጥር ደረሰኝ። በኩርሙክ በኩል ከወጣህ ስድስት ዓመት ሆኖሃል፤ ለዓመት አንድ ወረቀት መሆኑ ነው። አብዛኛው ልትሰፍርበት ስላሰብከው ደሴት ሕግ ነው። ደሴቱ ያለህበት አገር ግዛት ቢሆንም የራሱ የመግቢያና የመኖሪያ ሕግ አለው፤ የዋናው አገር ፈቃድ እስከ ወደቡ ያደርስሃል እንጂ መርከብ ላይ አያወጣህም። የልደት ማስረጃ ይጠይቃል። ከፖሊስ ወንጀል የለበትም የሚል ወረቀት፣ የደሴቱ ተወላጅ የሆነ ዋስ፣ ሳንባህ ንጹሕ ነው የሚል የሐኪም ማረጋገጫ ይጠይቃል። አንዱንም ሳታዛንፍ ዘርዝረሃል። እናታችን ትነሣ ትቀመጥ እንደሆነ የጠየቅከው ግን በአንድ መስመር ተኩል ነው። ቆጥሬዋለሁ። የልጆች ድርሰት የማርም አስተማሪ ነኝ፤ መስመር መቁጠር አያቅተኝም።

የልደት ማስረጃህን ለማውጣት ያየሁትን አታውቅም። በአሮጌው ወረቀትህ ላይ የተጻፈው ወለጋ ነው። ባምባሲ ደግሞ አሁን ወለጋ አይደለችም፤ አዲስ ክልል ሆነናል። አሶሳ ብሄድ ወለጋ የጻፈውን ወለጋ ያድሰው፣ ጊምቢ ሂጂ አሉኝ። ጊምቢ ብሄድ ባምባሲ ከእኛ ወጥታለች፣ አሶሳ ጠይቂ አሉኝ። በአይሱዙ ላይ፣ የማንጎ ጆንያ ላይ ተቀምጬ ስመላለስ ወገቤ ተቆረጠ። መጨረሻ ላይ ቀጄላ የሚባል የአሶሳ ጸሐፊ አዝኖልኝ “ቀድሞ በወለጋ ሥር የነበረችው” ብሎ ጨምሮ ጻፈልኝ። እሱም ቢሆን መጀመሪያ የጠየቀኝ ቤተሰባችሁ ወደዚህ የመጣው መቼ ነው ብሎ ነው። በተወለድንበት ከተማ! ሕግ ያለው ያንተ ደሴት ብቻ እንዳይመስልህ። ይህም ሆኖ እስከዚህ ድረስ አልተቀየምኩህም። ለወንድም ይደከማል።

የተቀየምኩህ በስድስተኛው ወረቀት ነው። ደሴቱ ላይ የሚሰፍር ሰው ጥገኛ አስከትሎ እንዳይመጣ ይፈልጋሉ አልክ። ስለዚህ ወይ ወላጅህ ትፈርም፣ ወይ ቀበሌው በእጁ የሚጦር ወላጅ የለውም ብሎ ያረጋግጥ። ለእናታችን የሚሆነውን ቃል አንተው በእጅ ጽሑፍህ አዘጋጅተህ ልከሃል፤ “ከልጄ የምጠብቀው ነገር የለም፤ ወደፊትም አልከተለውም” ይላል። ከሥሩ አውራ ጣቷ የሚያርፍበትን ክብ በእስክሪብቶ ስለህለታል። ክቡን ስትስል እጅህ አልተንቀጠቀጠም፤ አምሮ ክብ ሆኗል። ይህ ካስቸገረ ደግሞ ኻሚስን ለምኚልኝ፣ የለውም ብሎ ቢጽፍልኝ ከዚያ ድረስ ሄዶ ማን ያያል አልክ። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር የሚሉት እውነታቸውን ነው።

ቢሆንም ሄድኩ። ኻሚስ አሁን የቀበሌያችን ሊቀ መንበር ነው። ከልጆቹ ጋር ኳስ ስትራገጥ ያደግከውን አልረሳም። እንደ ተማሪ አቁሞኝ የስድስተኛውን ወረቀትህን ግልባጭ እስከ መጨረሻ አነበበ፤ ከዚያም “እናት ቤት ቁጭ ብሎ እያየሁት፣ የለም ብዬ ማኅተም አልመታም፤ ሐራም ነው” አለኝ። ግልባጩን ግን አልመለሰልኝም፤ መሳቢያው ውስጥ ከተተው። አፍሬ ወጣሁ። ማፈር የነበረብህ አንተ ነበርክ።

ለእናታችን ደብዳቤህን ሳነብላት ስድስተኛውን ዘልዬው ነበር። ፊደል ባትቆጥርም ወረቀት ትቆጥራለችና አንዱን አስቀረሽብኝ ብላ ያዘችኝ። አነበብኩላት። አላለቀሰችም። ደሴት ምን እንደሆነ ጠየቀችኝ፤ ዙሪያውን ውኃ የከበበው መሬት ነው አልኳት። እሱ እኮ ዋና አያውቅም ብላ ተጨነቀች። ከሁሉ ያሳሰባት እሱ ነበር። ከዚያ አውራ ጣቷን በቀሚሷ ጠርጋ ዘረጋችልኝ።

“ቀለሙን አምጪ” አለች። “ልጄ በእኔ ምክንያት በሰው አገር ደጅ አይቁም።”

ቀለም የለም አልኳት። የማኅተሙ ቀለም ከትምህርት ቤት አምጥቼው ቦርሳዬ ውስጥ ነበር። ይኸው ነገርኩህ። እልህ ያዘኝ። ራሱ ይምጣና እጇን ይዞ፣ ዓይኗን እያየ ያስፈርማት ብዬ ነው። እሑድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ ቀለሙ መጣ ወይ ትለኛለች፤ እኔም አንዴ ደርቋል፣ አንዴ ቢሮው ዝግ ነው እላታለሁ። እንደማታምነኝ በደንብ ያስታውቅ ነበር፤ ግን አልተቆጣችኝም። የካቲትና መጋቢት እንዲህ አለፉ። ከፋሲካ ወዲህ አልጠየቀችኝም። በዚህ የምጠየቀው እኔ ነኝ፤ አንተ እንድትፈርድብኝ ግን አልፈቅድም። ክቡን የሳልከው አንተ ነህ።

በሚያዝያ ልጽፍልህ ያልቻልኩት ቤታችን ሰው በዝቶበት ስለነበር ነው። ዘመዶቻችን ከመንዲና ከነጆ ሳይቀሩ መጥተው ሰነበቱ። አግዳሚው አልበቃ ብሎ ከቤተ ክርስቲያን ተዋስን። ቄስ ለሜሳ ሦስት ቀን ከእኛ አልተለዩም። አክስታችን ጠጂቱ አሁንም አብራኝ ታድራለች። ሁሉም ያንተን አድራሻ ጠየቁኝ፤ ለማንም አልሰጠሁም።

ባለፈው ሰኞ ኻሚስ ልኮብኝ ሄድኩ። ስገባ ከወንበሩ ተነሥቶ እኔን አስቀመጠኝና እሱ ቆመ። ያን ግልባጭ ከመሳቢያው አወጣው። አልለመንኩትም፤ ልለምነው ብፈልግም ድምፅ አልነበረኝም። በራሱ እጅ ጽፎ ማኅተሙን መታበት።

“አሁን እጽፋለሁ” አለኝ። “አሁን ውሸት አይደለም።”

እንግዲህ ፋይልህ ሞልቶልሃል። እስከ ሰኔ መጨረሻ ካልደረሰ ይዘጋል ብለህ ነበር፤ ይደርሳል። ለደሴቱ ሰዎች ሳትፈራ አቅርብላቸው፤ ቢጣራም እውነት ሆኖ ይገኛል። ከዚህ አገር የሚከተልህ ሰው የለም። እኔም አልከተልህም። ከእንግዲህ አትጻፍልኝ እል ነበር፤ ግን ይህን ካነበብክ በኋላ ሳትጽፍ እንደማትቀር አውቃለሁ።

የኻሚስን ወረቀት ለብቻው በሌላ ፖስታ አሽጌዋለሁ። ብቻህን ሆነህ አትክፈተው። ወደቡ አካባቢ የአገራችን ሰዎች አይጠፉም፤ በዕድሜ የገፉ ሁለት ሦስት ሰዎች ፈልግና ማለዳ ቤትህ ይምጡ። ፖስታውን ለእነሱ ስጣቸው። አንብበው የሚሉህን ይበሉህ፤ እነሱ ያውቁበታል።

እግዚአብሔር የምትሻገርበትን ውኃ ያብርድልህ፤ የምትረግጠውን መሬት የሰላም ያድርግልህ። ይህ የእኔ ምርቃት አይደለም። እኔ ገና አልበረደልኝም። አድርሺልኝ ስለተባልኩ አድርሻለሁ።

ታላቅ እህትህ